ለአንድ ቀን የሚጠራ ተዋናይ
(ለወጣት ተዋንያንና አዘጋጆች ከተደረገ ንግግር የተጻፈ)

እንደምን አላችሁ። ስለመጣችሁ አመሰግናለሁ። ከወዲሁ አንድ ነገር ልንገራችሁ፤ የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከጄሪ ኦርባክ ልጀምር። ኦርባክ በኒውዮርክ የሙዚቃ ቴአትር ስሙ የገነነ ሰው ነበር። በ1969 ቶኒ የተባለውን የቴአትር ሽልማት ወስዷል። በ1991 «ሎው ኤንድ ኦርደር» የተባለው የወንጀል ተከታታይ ድራማ ለአንድ ክፍል ጠራው። ሚናው ጠበቃ ነበር። መጣ፣ ሠራ፣ ሄደ። በቀጣዩ ዓመት ድራማው አዲስ መርማሪ ፖሊስ ሲያስፈልገው ያንኑ ሰው መልሶ ጠራው። ኦርባክ መርማሪ ሌኒ ብሪስኮን እስከ 2004 ድረስ ተጫወተው።

በዚያው በ1991 ኤስ. ኤፓታ ሜርከርሰን የምትባል ተዋናይት በዚሁ ድራማ አንድ ክፍል ላይ ታየች። ልጇን በጥይት ያጣች እናት ሆና ነበር። በ1993 ተመልሳ የመርማሪዎቹ አለቃ ሆነች። እስከ 2010 ከዚያ ወንበር አልተነሳችም።

ዕድል ቀንቷቸው ነው የሚል አይጠፋም። ዕድልም ሳይኖርበት አይቀርም። ግን እስቲ አስቡት። መጀመሪያ ሲመጡ ማንም የብዙ ዓመት ሥራ አልሰጣቸውም። የተሰጣቸው ጥቂት ገጽ ነው። ዛሬ ላወራችሁ የምፈልገው በእነዚያ ጥቂት ገጾች ላይ ተዋናዩ ስለሚያመጣው ነገር ነው፤ እሱን ለማምጣትም ምን ዓይነት ኑሮ እንደሚኖር።

ካራክተር አክተር የሚባለውን ሰው ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ዳኛው እሱ ነው። ነርሷ እሷ ናት። የሟች ጎረቤት፣ የትምህርት ቤቱ ርዕሰ መምህር፣ ብድሩን የሚከለክለው የባንክ ሠራተኛ። ብቅ ሲል «ይሄን ሰውዬ የት ነው የማውቀው?» ትላላችሁ። ከዚያ ታሪኩ ይወስዳችሁና ትረሱታላችሁ። በሚቀጥለው ወር ሌላ ድራማ ላይ ሐኪም ሆኖ ይመጣል።

በእሱና በመሪ ተዋናዩ መካከል ያለው ልዩነት የዝና ብቻ አይደለም። መሪ ተዋናዩን ደራሲዎቹ ለዓመታት ሲገነቡት ይቆያሉ። አባቱ ማን እንደሆነ፣ ምን እንደሚያስፈራው፣ ማንን አፍቅሮ እንዳጣ ተመልካቹ ቀስ በቀስ ያውቃል። ክፍል ሦስት ላይ ያልገባን ነገር ክፍል ዘጠኝ ላይ ይገባናል። የአንድ ቀን ተዋናይ ይህ ሁሉ የለውም። ስክሪፕቱ ላይ «ሠራተኛ፣ ሃምሳዎቹ ውስጥ ያለ» የሚል መስመር ያገኛል። የሰውየውን ሕይወት ከቤቱ ይዞ መምጣት ያለበት ራሱ ነው። ሙሉ አድርጎ ነው የሚያመጣው፤ ምክንያቱም እዚያ ከደረሰ በኋላ የሚያዘጋጅበት ጊዜ የለም።

ቀኑ ምን እንደሚመስል ልንገራችሁ። የአንድ ሰዓት የቴሌቪዥን ድራማ አንድ ክፍል ብዙውን ጊዜ በስምንት ቀን ገደማ ተቀርጾ ያልቃል። በቀን በርካታ ገጽ ማውጣት ግድ ነው። ስለዚህ ጥሪው ንጋት ላይ ነው። ሜካፕ አለ፣ ልብስ አለ፣ ከዚያ መጠበቅ አለ። መጠበቁ ራሱ ሥራ ነው። ሦስት ሰዓት ቁጭ ብለህ ልክ ስትጠራ ትኩስ መሆን አለብህ። ብዙ ጎበዝ የመድረክ ተዋናይ እዚህ ላይ ሲሸነፍ አይቻለሁ። መድረክ ላይ መጋረጃው የሚከፈትበት ሰዓት ይታወቃል። ቀረጻ ላይ አይታወቅም።

ስትጠራ ሁሉም ሰው ይተዋወቃል። ለወራት አብረው ሠርተዋል። የራሳቸው ቀልድ አላቸው፣ የራሳቸው ኩርፊያ አላቸው። አንተ ብቻ ነህ እንግዳ። ከመሪ ተዋናዩ ጋር ሰላም ተባብለህ ሳትጨርስ «እስቲ አንድ ጊዜ እንየው» ይባላል። የት እንደምትቆም ይነገርሃል፤ ወለሉ ላይ ባለ ቀለም ፕላስተር ይለጠፍልሃል። ያ ምልክትህ ነው። ወደ ታች ሳታይ እሱ ላይ መቆም አለብህ፤ መብራቱም ፎከሱም የተሠራው ለዚያ ቦታ ነው።

አሁን አንድ ትዕይንት በቅርብ እንይ። «ሎው ኤንድ ኦርደር» ያስለመደን ዓይነት ነው። መርማሪዎች ምስክር ለመጠየቅ ይመጣሉ፤ ምስክሩ ግን ሥራውን ሳያቋርጥ ይመልስላቸዋል። የእኛ ሰውዬ የመጋዘን ሠራተኛ ነው እንበል። ካርቶን እየደረደረ ነው። የሚለው ይህን ብቻ ነው፦ «አዎ፣ አየሁት። ማክሰኞ ማታ ነው። ብቻውን አልነበረም።»

መጀመሪያ የሚመጣው ጥያቄ ይህ ነው፤ ፖሊስ እያናገረው ለምን ሥራውን አያቆምም? አለቃው እያየው ይሆናል። ወይ ፖሊስ ይፈራ ይሆናል፤ እጁ ሥራ ሲፈታ መንቀጥቀጡ እንዳይታወቅበት። ወይ ደግሞ በቃ ሥራውን ጨርሶ ወደ ቤቱ መሄድ ይፈልጋል። ሦስቱም ሌላ ሌላ ሰው ናቸው። ካርቶኑን የሚያነሱበት መንገድ ራሱ ይለያያል። ከሦስቱ አንዱን ሳይመርጥ የመጣ ተዋናይ ካርቶን የሚያነሳ ተዋናይ ሆኖ ይቀራል። የመረጠው ግን የመጋዘን ሠራተኛ ይሆናል።

ቀጥሎ እጅ ይመጣል። «ማክሰኞ» ሲል ካርቶኑ መደርደሪያው ላይ ያርፋል። «ብቻውን» ሲል ሁለተኛውን ለማንሳት ጎንበስ ይላል። ይህን ለምን ይወስናል? ትዕይንቱ አንድ ጊዜ ብቻ አይቀረጽም። መጀመሪያ ከሩቅ ሁሉንም የሚያሳይ ይቀረጻል። ከዚያ በአንዱ ትከሻ ላይ፣ ከዚያ በሌላው ትከሻ ላይ፣ ከዚያ ፊቱን በቅርብ የሚያሳየው ክሎዝአፕ። እያንዳንዱም ይደጋገማል። ኤዲተሩ እነዚህን ቆራርጦ አንድ ያደርጋቸዋል። ከሩቅ ሲቀረጽ «ማክሰኞ» ላይ ያረፈው ካርቶን በክሎዝአፕ «አልነበረም» ላይ ካረፈ ሁለቱ ምስሎች አይገጥሙም። ኤዲተሩ ምን ያደርጋል? መርማሪው ላይ ይቆያል። የሠራተኛው ፊት ይወጣል፤ ድምፁ ብቻ ከመርማሪው ፊት በስተጀርባ ይሰማል። የተዋናዩ ስሜት የቱንም ያህል እውነት ቢሆን ቴሌቪዥን ላይ አይታይም። ተማሪዎቼን ይህን ስነግራቸው መጀመሪያ ላይ ቅር ይላቸዋል። ጥበብን ወደ ካርቶን ቆጠራ ያወረድኩባቸው ይመስላቸዋል። እኔ ግን ጥበቡ እዚሁ ነው ባይ ነኝ። እጅ ሥራውን ካወቀ ልብ ነፃ ይሆናል።

ሌላም ፈተና አለ። ያገኘሃት ሦስት ዓረፍተ ነገር ናት። ስለዚህ ሦስቷንም የማትረሳ ለማድረግ ያምርሃል። «ማክሰኞ» ከማለትህ በፊት ረጅም ዝምታ ታስገባለህ፤ ዓይንህ እንባ ያቀርራል። ታሪኩ ግን ስለ አንተ አይደለም። መርማሪው ከአንተ አንድ መረጃ ወስዶ መሄድ አለበት። ታሪኩን ካቆምከው መጀመሪያ የሚቆረጠው ያ ዝምታህ ነው። ትልቅ የምላቸው የዚህ ሥራ ሰዎች ሙሉ ሰው ይዘው መጥተው የሚያሳዩት ትዕይንቱ የሚፈልገውን ያህል ብቻ ነው። የቀረው እንዳለ ይሰማናል፤ አይነገረንም። ይህ ከባድ ነው። ከማልቀስ በጣም ይከብዳል።

አንድ ነገር ደግሞ በግልጽ ይነገር። የእንግዳው ተዋናይ ክሎዝአፕ አብዛኛውን ጊዜ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። መሪ ተዋናዩ ይቀድማል። ለእሱ ክሎዝአፕ አንተ ከካሜራው ጎን ቆመህ፣ ሳትታይ፣ በሙሉ ኃይልህ ትመልስለታለህ። ያንተ ተራ ሲደርስ ቀኑ መሽቷል፤ አዘጋጁ ሰዓቱን ያያል። «አንድ ቴክ ብቻ ነው ያለን» ሊባል ይችላል፤ አንዴ ብቻ ነው የምትቀረጸው ማለት ነው። ጥሩ መሪ ተዋናይ እዚህ ላይ ይታወቃል፤ አይሄድም፣ ካሜራው ጎን ቆሞ አንተ ለእሱ ያደረግከውን ለአንተ ያደርጋል። ሁሉም አያደርጉትም። የሄደ እንደሆነ የስክሪፕት ተቆጣጣሪዋ በደረቁ ታነብልሃለች፤ አንተም መርማሪው ፊትህ እንዳለ አድርገህ ትሠራለህ።

አሁን ተዋናዩን ብራያን ክራንስተንን ላንሳ። በ1998 «ዘ ኤክስ-ፋይልስ» ላይ ለአንድ ክፍል ተጠራ። የተሰጠው ሰው ደስ የማይል ነው፤ በጥላቻ የተሞላ፣ አፉ ክፉ። ሆኖም መጨረሻ ላይ ተመልካቹ እንዲያዝንለት ይፈለግ ነበር። ክፍሉን የጻፈው ቪንስ ጊሊጋን ነው። ክራንስተን ሁለቱንም አንድ ላይ አመጣው፤ የሚጠላውንም የሚታዘንለትንም። ከዚያ ለዓመታት በአንድ የቤተሰብ ኮሜዲ ውስጥ ግራ የተጋባ አባት ሆኖ ታወቀ። ጊሊጋን «ብሬኪንግ ባድ»ን ሲያዘጋጅ ክራንስተንን እፈልገዋለሁ አለ። የጣቢያው ኃላፊዎች ተጠራጠሩ፤ እነሱ የሚያውቁት ኮሜዲያኑን ነው። ጊሊጋን ያንን የ1998 ክፍል አሳያቸው። በ2008 ድራማው ሲጀምር ክራንስተን 51 ዓመቱ ነበር።

ይህ ታሪክ ብዙ ጊዜ ይነገራል፤ የሚነገርበት መንገድ ግን አይመቸኝም። ትንሽ ሚና የትልቅ ሚና መሰላል እንደሆነች ተደርጎ ነው የሚወራው። በ1998 ግን ክራንስተን ሲሠራ ከፊቱ ምንም መሰላል አልነበረም። የነበረው መኪና ውስጥ የተቀመጠ አንድ የታመመ ሰው ነው። ሙሉ በሙሉ ለዚያ ሰው ነው የሠራው። «ብሬኪንግ ባድ» ባይመጣ ኖሮም ያ ክፍል ያው ጥሩ ክፍል ነው።

ስለ ኦዲሽን፣ ለሚና ለመመረጥ ስለሚደረገው ፈተና ማለቴ ነው፣ ሁልጊዜ እጠየቃለሁ። እውነቱን ለመናገር የዚህ ተዋናይ ዋና ሥራ ሥራ መፈለግ ነው። ቀረጻ ላይ ከሚያሳልፈው ቀን ይልቅ ኦዲሽን እያዘጋጀ የሚያሳልፈው ቀን ይበዛል። አብዛኛው መልስ ዝምታ ነው። እምቢ የሚል እንኳ የለም። የማትመረጥበት ምክንያት ከችሎታህ ጋር ላይገናኝ ይችላል፤ ከመሪ ተዋናዩ ትረዝማለህ፣ ባለፈው ሳምንት የተመረጠውን ሰው ትመስላለህ፣ ሚናው ራሱ ከስክሪፕቱ ተሰርዟል። ክራንስተን ለወጣቶች ደጋግሞ የሚናገረው ምክር አለ። ወደ ኦዲሽን የምትሄደው ሥራ ለመለመን ሳይሆን ሥራህን ለማቅረብ ነው፤ አቅርበህ ትወጣለህ፣ የቀረው የእነሱ ነው ይላል። እኔም ከዚህ የተሻለ የምጨምረው የለኝም።

ከ2020 ወዲህ ደግሞ ኦዲሽኑ ራሱ ቤት ገብቷል። ተዋናዩ ማታ ስክሪፕት ይላክለታል። ስልኩን ያቆማል፣ መብራት ያስተካክላል፣ የሚያነብለት ሰው ይለምናል፣ ቀርጾ ይልካል። መንገድና ወረፋ ቀርቷል፤ ሩቅ ያለም ሰው ዕድል አግኝቷል። ግን ትልቅ ነገር ጠፍቷል። ክፍሉ ውስጥ ሆነህ «እስቲ አሁን ደግሞ ተናደህ አድርገው» የሚልህ ሰው የለም። የተሳሳተ ምርጫ መርጠህ ከሆነ የሚያርምህ የለም።

የዚያ ሰው ጥቅም ምን ያህል እንደሆነ በማሪዮን ዶግርቲ ሥራ ይታያል። ዶግርቲ ከ1950ዎቹ ጀምሮ በኒውዮርክ ለቴሌቪዥን ተዋናይ ትመርጥ ነበር። ቴአትር ቤቶችን እየዞረች ታያለች፤ ያየችውን ሰው ታስታውሳለች። ጆን ቮይት ገና ወጣት ሳለ «ኔኬድ ሲቲ» የሚባል ተከታታይ ላይ ሥራ ሰጠችው። አልተሳካለትም። መጥፎ እንደነበር እሱ ራሱ መስክሯል። በኋላ ግን በ1969 ለወጣው «ሚድናይት ካውቦይ» እሱን ይዛ ቀረበች፤ ስለ እሱም ተከራከረች። በዚያ ፊልም ለኦስካር ታጨ። አንድ መጥፎ ቀን አላጠፋውም፤ ምክንያቱም ከቀኑ አልፋ ሰውየውን ያየች ሴት ነበረች። አዘጋጆችና ካስቲንግ፣ ማለትም ተዋናይ የመምረጥ ሥራ፣ የምትሠሩ እዚህ አላችሁ። ይህ ዓይን እንዳይጠፋ የምትጠብቁት እናንተ ናችሁ።

ወደ ገንዘቡ እንምጣ።

በ2018 ጄፍሪ ኦውንስ የተባለ ተዋናይ በአንድ ሱፐርማርኬት ገንዘብ ተቀባይ ሆኖ ሲሠራ ሰው ፎቶ አነሳው። በ1980ዎቹና በ1990ዎቹ መጀመሪያ በዝነኛው «ዘ ኮዝቢ ሾው» ላይ አማች ሆኖ የተጫወተ ሰው ነው። ፎቶው ወጣ፤ «ወደቀ» ተብሎ ተወራ። ከዚያ ግን ያልተጠበቀ ነገር ሆነ። ተዋንያን በየአቅጣጫው ተነስተው በትወና መካከል የሠሩትን ሥራ መዘርዘር ጀመሩ። አስተናጋጅ ነበርኩ፣ ሾፌር ነበርኩ፣ ጽዳት ሠርቻለሁ አሉ። ኦውንስ ራሱ ሥራ ሁሉ ክቡር መሆኑን ተናገረ፤ አንገቱን አልደፋም። ለእኔ ይህ በሙያው ታሪክ ውስጥ ትልቅ ቀን ነው። ብዙ ሰው በድብቅ ይዞት የኖረው ነገር በአደባባይ ተነገረ።

ሂሳቡ እንዲህ ነው። የቀን ክፍያው ለሰሚ ጥሩ ይመስላል። ግን ስንት ቀን ነው? ከዚያ ላይ ሥራ የሚያፈላልግለት ኤጀንት አሥር በመቶ ይወስዳል፤ ግብር አለ። ቀሪው እስከሚቀጥለው ጥሪ መድረስ አለበት፤ የሚቀጥለው ጥሪ ደግሞ ቀኑ አይታወቅም። በአሜሪካ የተዋንያኑ ማኅበር ሳግ-አፍትራ የጤና መድን አለው። በ2023 ይህን መድን ለማግኘት በዓመት 26,470 ዶላር ከትወና ማግኘት ያስፈልግ ነበር። አብዛኛው አባል እዚያ አይደርስም።

ይህን ክፍተት የሚሞላው ሪዚጁዋል የሚሉት ክፍያ ነበር፤ የሠራኸው ክፍል በድጋሚ በታየ ቁጥር የምታገኘው ማለት ነው። በነፃ አልመጣም። ተዋንያኑ በ1960 ሥራ አቁመው ነው ለቴሌቪዥን በሚሸጡ ፊልሞች ላይ ይህን መብት ያስከበሩት፤ የጡረታና የጤና ፈንዱም ከዚያው ትግል ነው የወጣው። በየጊዜው የሚደጋገም ድራማ ላይ አንድ ቀን የሠራ ሰው በክፉ ወር ደብዳቤ ከፍቶ ቼክ ያገኝ ነበር።

ስትሪሚንግ፣ ድራማን በኢንተርኔት ማሳየት ማለት ነው፣ ሲመጣ ይህ ተናጋ። አንድ ሲዝን 22 ክፍል የነበረው ወደ ስምንትና ወደ አሥር ወረደ። ክፍል ሲቀንስ የእንግዳ ሚናም ይቀንሳል። ድጋሚ ማሳያ የሚባለው ነገር ትርጉሙ ተቀየረ፤ ድራማው ሁልጊዜ እዚያ አለ፣ ስንት ሰው እንዳየው ግን ተዋናዩ አያውቅም። ጥቂት ሳንቲም የተጻፈባቸው ቼኮች በአደባባይ ሲታዩ ያስታወሳችሁ ትኖራላችሁ። በ2023 ሳግ-አፍትራ ከጁላይ 14 እስከ ኖቬምበር 9 ሥራ አቆመ፤ 118 ቀን። ፊቱ በኮምፒውተር ተቀድቶ የሚሠራበት ሰው ፈቃዱን እንዲሰጥና እንዲከፈለው የሚለውም አንቀጽ ከዚያ ድርድር ነው የመጣው። ለታዋቂው ይህ የክብር ጉዳይ ሊሆን ይችላል። ለአንድ ቀን ተዋናይ ግን የህልውና ጉዳይ ነው። የአንድ ቀን ሥራውን ፊቱ ብቻ ከሠራለት እሱን ማን ይጠራዋል?

የሚያስደስተኝን ነገር ሳልናገር አላልፍም። ይህ ሙያ ዕድሜን አይፈራም። ለቆንጆ መሪ ተዋናይ ሽበት ጠላት ሊሆን ይችላል። ለካራክተር አክተር ግን ፊት እየበሰለ በሄደ ቁጥር የሚጫወተው ሰው ይበዛል። ማርጎ ማርቲንዴል ለአሥርት ዓመታት ነርስም ጎረቤትም እናትም ሆና ስትሠራ ኖረች። በ2011 «ጀስቲፋይድ» ላይ የአንድ ወንጀለኛ ቤተሰብ እናት ሆና ኤሚ የተባለውን የአሜሪካ የቴሌቪዥን ሽልማት ለመጀመሪያ ጊዜ ስትወስድ 60 ዓመቷ ነበር። በ2015ና በ2016 «ዘ አሜሪካንስ» ላይ በሠራችው ደገመችው። ያችን እናት ስትጫወት የሚያስፈራው ጩኸቷ አልነበረም። እንግዳ የምትቀበል ደግ ሴት ሆና ነው የምትገድለው። ያንን ደግነት ከየት አመጣችው? በእነዚያ ሁሉ ነርሶችና ጎረቤቶች ውስጥ ስትሠራው የኖረችው ነገር ነው።

ይህን ካልኩ ዘንድ ኤሚ ራሱ ላይ ቅሬታ አለኝ። የእንግዳ ተዋንያን ሽልማት የሚሰጠው በዋናው ምሽት አይደለም፤ ቀደም ብሎ በሚደረገው የክሪኤቲቭ አርትስ ሥነ ሥርዓት ላይ ነው። ሰዓት አጠረ ይባላል። ሁልጊዜ ሰዓት የሚያጥረው በእነሱ ላይ ነው።

ስለዚህ አዘጋጆችና ፕሮዲውሰሮች፣ እናንተን ልለምን። እንግዳ ተዋናያችሁን የራሱን ሁለት ገጽ ብቻ አትላኩለት፤ ሙሉውን ስክሪፕት ስጡት፣ ከማን ጋር እንደሚኖር ይወቅ። ከቀረጻ በፊት ከመሪ ተዋናዩ ጋር አሥር ደቂቃ አገናኟቸው፤ ትርፉን እናንተው ታገኙታላችሁ። ቢቻላችሁ አልፎ አልፎ የእሱን ክሎዝአፕ አስቀድሙ። የመጨረሻውን ስም ዝርዝርም አታሯሩጡት። ድራማው ሳያልቅ ጥግ ላይ ተጨምቆ፣ የሚቀጥለው ክፍል እየተቆጠረ፣ ማን ይነበባል? የሠራተኛው ስም እዚያ ውስጥ ነው። እናቱም ልጆቹም ሊያነቡት ይጠብቃሉ።

ጥያቄ ያላችሁ እጃችሁን አውጡ፤ ከኋላ ካሉት እንጀምር።